ጌዲዮን ዘላለም፦ ኳስ ሳይደርሰው የሚያይ አማካይ

ላፍቶ ውስጥ አርሰናል በሚጫወትበት ምሽት ዲኤስቲቪ ቤት ገብቶ የጌዲዮን ዘላለምን ስም ያነሣ ሰው ሁለት ነገር ይሰማል። አንዱ «በፕሪምየር ሊግ የተጫወተው ሐበሻ» ይላል፤ ሌላው «ብዙ ተወርቶለት የከሸፈ» ይላል። ሁለቱም ተሳስተዋል። ጌዲዮን ለአርሰናል አንድም የፕሪምየር ሊግ ጨዋታ አላደረገም። ከሸፈ የሚለው ግን የባሰ ስሕተት ነው።

የኋላ ታሪኩ አጭር ነው። በ1997 (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን ነው) በርሊን ውስጥ ከኢትዮጵያውያን ወላጆች ተወለደ፤ በ2006 ወደ አሜሪካ፣ ሜሪላንድ ሄደ፤ ኦልኒ ሬንጀርስ በሚባል የታዳጊዎች ክለብ ሲጫወት አርሰናል አየው። በ2013 ክረምት፣ ገና በ16 ዓመቱ፣ የአርሰናሉ አሠልጣኝ ቬንገር ወደ እስያ ለዝግጅት ሲጓዙ ይዘውት ሄዱ። በ2014 መጀመሪያ በኤፍኤ ካፕ ከኮቨንትሪ ጋር ተቀይሮ ገባ።

እኔ የምወደው ግን የዚያው ዓመት ማብቂያ ላይ ኢስታንቡል የተደረገውን ጨዋታ ነው። አርሰናል ጋላታሳራይን በቻምፒየንስ ሊግ 4 ለ 1 ያሸነፈበት ዕለት ነው፤ አማካዩ ራምሴ ሁለት ግብ አግብቶ ሲወጣ ከእረፍት መልስ በእሱ ቦታ የገባው ጌዲዮን ነበር። የዚያን ሁለተኛ አጋማሽ ቪዲዮ የሚያገኝ ሰው ኳሷን ትቶ የልጁን አንገት ይከተል። ኳስ ሳትደርሰው ግራና ቀኝ ይገላመጣል፤ ስትደርሰው ቀጥሎ የት እንደሚልካት አውቆ ጨርሷል። ግብና ሩጫ ብቻ የሚቆጥር ተመልካች ይህን አያይም።

አሁን «ከሸፈ» ወደሚሉት ልመለስ። በ2015/16 በውሰት ወደ ሬንጀርስ ሄደ፤ ሬንጀርስ የሁለተኛውን ሊግ ዋንጫ ወስዶ ወደ ስኮትላንድ ዋና ሊግ ተመለሰ። በ2017 መጀመሪያ ወደ ሆላንዱ ቬንሎ ሄደ፤ ቬንሎም ሻምፒዮን ሆኖ አደገ። በውሰት የሄደባቸው ሁለት ክለቦች ሁለቱም ዋንጫ አንሥተው ወደ ላይኛው ሊግ ወጡ! አርሰናል ቤት ደግሞ ከፊቱ የነበሩት ኦዚልና ካዞርላ ነበሩ።

ከዚያ የጉልበቱ ጉዳት መጣ። በግንቦት 2017 ለአሜሪካ ከ20 ዓመት በታች ቡድን በደቡብ ኮሪያው የዓለም ዋንጫ ተሰልፎ፣ በመጀመሪያው ጨዋታ ከኢኳዶር ጋር ሲጫወት ኤሲኤል የሚባለው የጉልበቱ ጅማት ተበጠሰ። ይህ ጅማት በጉልበት መሐል ሆኖ የታችኛው የእግር አጥንት ወደ ፊት እንዳይንሸራተት፣ ስንዞርም ጉልበት እንዳይከዳን ይይዛል። ሙሉ በሙሉ ከተበጠሰ በራሱ ተመልሶ መግጠሙ የሚታመን አይደለም። ሐኪሞች ብዙ ጊዜ ከጉልበት ሎሚ በታች ካለው ወይም ከኋላ ጭን ጅማት ቆርጠው በቦታው ይተክላሉ፤ ወደ ሜዳ መመለሱም ዘጠኝ ወርና ከዚያ በላይ ይወስዳል። ጨዋታው በሙሉ በመዞር ላይ ለተመሠረተ አማካይ ይህ ምን ማለት እንደሆነ አስቡት።

የሠፈራችን አሠልጣኞች ይህን ልብ ቢሉልኝ ደስ ይለኛል። ማንም ሳይነካው ሲዞር የወደቀን፣ ጉልበቱ ውስጥ «ጧ» የሚል የሰማን፣ ወዲያው ያበጠበትን ልጅ «ተነሥ፣ ምንም አልሆንክም» ብሎ ማስሮጥ ወይም ወጌሻ ጋ ወስዶ ማሳሸት ይብቃ። በረዶ ይያዝለት፣ አይርገጥበት፣ የአጥንት ሐኪም ይየው።

«ኢትዮጵያን ካደ» ለሚሉትም አንድ ቃል አለኝ። አሜሪካ የገባው በዘጠኝ ዓመቱ ነው፤ ፊፋም በ2015 ለአሜሪካ እንዲጫወት የፈቀደለት ከአሥር ዓመቱ በፊት እዚያ መኖር መጀመሩን አይቶ ነው። ያደገበትን አገር ማልያ የለበሰን ልጅ ከሃዲ ማለት ነውር ነው።

ከጉዳቱ በኋላ በ2019 ወደ አሜሪካ ዋና ሊግ ገብቶ ለስፖርቲንግ ካንሳስ ሲቲ ፈረመ፤ በ2020 ወደ ኒው ዮርክ ሲቲ ተዛወረ። ክለቡ በታኅሣሥ 2021 ፖርትላንድን በሜዳው በፍጹም ቅጣት ምት ረትቶ የመጀመሪያውን የሊግ ዋንጫ ሲያነሣ ጌዲዮን የቡድኑ አባል ነበር።