መጽሐፉ ሲቃጠል የሚያስታውስ ሰው

የብርድ ወራት ነበር። የይሁዳው ንጉሥ ኢዮአቄም ምድጃ አጠገብ ተቀምጦ እሳት ይሞቃል። ከፊቱ አንድ ሹም ጥቅልል መጽሐፍ ዘርግቶ ያነባል። ሦስት አራት ዓምድ በተነበበ ቁጥር ንጉሡ የተነበበውን ክፍል በጸሐፊ ካራ እየቆረጠ እሳቱ ውስጥ ይጥለዋል። እንዲህ እያለ መጽሐፉ በሙሉ አመድ ሆነ። የተቃጠለው ነቢዩ ኤርምያስ በአፉ ሲናገር ጸሐፊው ባሮክ በእጁ የጻፈው ትንቢት ነበር።

ከዚያስ? ኤርምያስ እንደገና ተናገረ፤ ባሮክም ሌላ ጥቅልል ይዞ እንደገና ጻፈ። እንዲያውም በመጀመሪያው ያልነበረ ብዙ ቃል ተጨመረበት። ታሪኩን ማንበብ የሚፈልግ በትንቢተ ኤርምያስ 36ኛ ምዕራፍ ያገኘዋል።

እዚህ ማንቡክ ታሪክ አስተምራለሁ። ይህን ስተርክ ተማሪዎቼን የሚያስገርማቸው የንጉሡ ድፍረት ነው። እኔን የሚያስገርመኝ ግን ካራው ነው። ጸሐፊ ለሥራው የሚይዘው መሣሪያ ጽሑፉን ለማጥፋት ዋለ። መጽሐፉን ከአመድ ያስነሣው ደግሞ ግንብም ሠራዊትም አይደለም፤ አንድ የሚያስታውስ አፍና አንድ የሚጽፍ እጅ ናቸው። የጥንት አይሁድ ሃይማኖታዊ መጻሕፍት ከእኛ ዘመን የደረሱት በእነዚህ በሁለቱ፣ በጠቢቡና በጸሐፊው ጥምረት ነው። እኛ ኢትዮጵያውያን ደግሞ በዚህ ሥራ ውስጥ ብዙዎቻችን የማናውቀው ድርሻ አለን።

«ጻፎች» ሲባል

ወንጌል ያነበበ ሰው «ጻፎችና ፈሪሳውያን» ሲባል ወዲያው የሚታወሰው ተግሣጹ ነው። የጸሐፊነት ሥራ ግን ከዚያ ዘመን በብዙ መቶ ዓመታት ይቀድማል። በዕብራይስጥ ጸሐፊ «ሶፌር» ይባላል፤ ቃሉ ከመቁጠር ጋርም ዝምድና አለው። የቀደሙት ሊቃውንት ይህን ስም ያገኙት የኦሪትን ፊደላት አንድ በአንድ ይቆጥሩ ስለነበር ነው የሚል ትውፊት በታልሙድ ሰፍሯል።

መጀመሪያ ላይ ጸሐፊ የቤተ መንግሥት ሰው ነበር። ደብዳቤ ይጽፋል፣ ግብር ይመዘግባል፣ ውል ያትማል። በንጉሥ ኢዮስያስ ዘመን የሕጉ መጽሐፍ በቤተ መቅደስ ተገኘ ሲባል ለንጉሡ ያነበበለት ጸሐፊው ሳፋን ነው። ከዚያ በፊት በንጉሥ ሕዝቅያስ ዘመን የነበሩ ሰዎች ደግሞ የሰሎሞንን ምሳሌዎች ገልብጠው እንደ ሰበሰቡ መጽሐፈ ምሳሌ ራሱ ይመሰክራል። ልብ እንበል፤ ምሳሌ በአደባባይና በየቤቱ የሚነገር ነገር ነው። እነዚያ ሰዎች ከአፍ የወጣውን ባይሰበስቡት ኖሮ ከነጋሪዎቹ ጋር አፈር በገባ ነበር።

የአያት ቃል፣ የልጅ ልጅ እጅ

ጠቢቡ በበኩሉ የሚያስተምር፣ ወጣቶችን ሰብስቦ የሚመክር ሰው ነው። ከሁሉም ይልቅ ቤተሰብን የሚመለከተው የሲራክ ታሪክ ይመስለኛል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በሁለተኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ላይ በኢየሩሳሌም የኖረው የሲራክ ልጅ ኢያሱ መምህርም ጸሐፊም ነበር። በመጽሐፉ ውስጥ ገበሬውን፣ ቀጥቃጩንና ሸክላ ሠሪውን እያነሣ ያለእነርሱ ከተማ እንደማይቆም ይናገራል። ጥበብን ለመመርመር ግን ጊዜና ዕረፍት ያስፈልጋል ይላል።

መጽሐፉን ወደ ግሪክኛ የመለሰው ልጁም ተማሪውም አልነበረም፤ የልጅ ልጁ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ132 ገደማ ወደ ግብፅ ወርዶ በዚያ የሚኖሩ አይሁድ ዕብራይስጥ እየከበዳቸው መሆኑን አየ። እንቅልፉን ትቶ የአያቱን መጽሐፍ ተረጎመ። በመግቢያውም በዕብራይስጥ የተነገረ ቃል ወደ ሌላ ቋንቋ ሲሻገር ጉልበቱ እኩል እንደማይሆን ገልጾ አንባቢውን ይቅርታ ይጠይቃል። የአያቱ የዕብራይስጥ መጽሐፍ በኋላ ለብዙ መቶ ዓመታት ጠፍቶ ቆይቶ ክፍሎቹ እንደገና የታወቁት ከ1896 እ.ኤ.አ. ጀምሮ፣ በካይሮ ምኩራብ ከተከማቹ አሮጌ ጽሑፎች መካከል ነው። በእነዚያ ሁሉ ዓመታት የአያቱን ቃል ካቆዩት መካከል ዋናው የዚያ የልጅ ልጅ ትርጉም ነው። እኛ በግዕዝ የምናነበው መጽሐፈ ሲራክም የመጣው በግሪክኛው በኩል ነው።

ከጥፋት በኋላ

ጠቢብና ጸሐፊ ይበልጥ የሚፈለጉት አገር ሲፈርስ ነው። በ586 ከክርስቶስ ልደት በፊት ኢየሩሳሌም ፈርሳ ሕዝቡ ወደ ባቢሎን ከተማረከ በኋላ ሕጉን ይዞ የተመለሰው ዕዝራ ማዕረጉ ካህንና ጸሐፊ ነው። በመጽሐፈ ነህምያ እንደተተረከው በውኃ በር አደባባይ ወንድ ሴት ሳይለይ ለተሰበሰበው ሕዝብ ከማለዳ እስከ ቀትር አነበበ፤ ሌዋውያኑም ሕዝቡ እንዲያስተውለው ያስረዱ ነበር። ንባብና ትርጓሜ አብረው የሄዱበት ቀን ነው።

በ70 ዓ.ም. ሮማውያን ቤተ መቅደሱን ካፈረሱ በኋላ የተጻፈውና በእኛ ዘንድ ዕዝራ ሱቱኤል የሚባለው መጽሐፍ ደግሞ ይህንኑ በሌላ መልክ ይተርካል። ሕጉ ተቃጥሏል። ዕዝራ አምስት ጸሐፍት ይዞ ወደ ሜዳ ይወጣል። 40 ቀን እርሱ ይናገራል፣ እነርሱ ይጽፋሉ። 94 መጻሕፍትም ይጻፋሉ። ከእነዚህ 24ቱ ለሁሉም እንዲገለጡ፣ 70ዎቹ ግን ለጠቢባን ብቻ እንዲቀመጡ ታዘዘ። ይህን ቁጥር ያዙልኝ፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

ከዚያ ቀጥሎ የመጡት የአይሁድ ሊቃውንት ከመምህር ለተማሪ በቃል ሲተላለፍ የኖረውን ትምህርት 200 ዓ.ም. ገደማ ሚሽና በተባለው መጽሐፍ አደራጁት። መምህራን በጦርነትና በስደት እያለቁ በሄዱበት ዘመን የተደረገ ሥራ ነው።

የእኛ ቁም ጸሐፊዎች

በጥንት አይሁድ ሥነ ጽሑፍ የጸሐፍት ሁሉ አባት ተደርጎ የሚታየው ሄኖክ ነው። መጽሐፈ ኩፋሌ ከሰው ልጆች መጀመሪያ መጻፍን የተማረ እርሱ ነው ይላል። ይኸው መጽሐፍ ስለ አብርሃም ሲተርክ የአባቶቹን መጻሕፍት ወስዶ እንደ ገለበጣቸው፣ ስድስቱን የዝናብ ወራትም ሲያጠናቸው እንደ ከረመ ይነግረናል። ያዕቆብም ሲሞት መጻሕፍቱን ሁሉ እንዲጠብቃቸውና ለልጆቹ እንዲያድሳቸው ለልጁ ለሌዊ አወረሰ። ቃሉ «እንዲያድሳቸው» መሆኑን እናስተውል። መጽሐፍ ያረጃል፤ ካልታደሰ ይሞታል።

መጽሐፈ ሄኖክና መጽሐፈ ኩፋሌ የተጻፉት በአረማይክና በዕብራይስጥ ነበር። ከግሪክኛ ወደ ግዕዝ የተመለሱት በአክሱም ዘመን ነው። ከዚያ በኋላ በሌላው ዓለም ከጥቅም ውጭ ሆኑ። ሁለቱም በሙሉ ይዘታቸው የተረፉት በግዕዝ ብቻ ነው። ጎንደር የቆየው ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ በ1773 እ.ኤ.አ. የሄኖክን ቅጂዎች ይዞ አውሮፓ ሲገባ ምሁራኑ ጠፋ ያሉትን መጽሐፍ አገኙ። ከ1947 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሙት ባሕር አጠገብ በቁምራን ዋሻዎች የሁለቱም መጻሕፍት ቁርጥራጮች ሲወጡ ደግሞ የእኛ ጸሐፍት ያቆዩት መጽሐፍ ምን ያህል ጥንታዊ እንደሆነ ታወቀ።

ዛሬ የምናውቃቸው የግዕዝ ሄኖክ ቅጂዎች ከ15ኛው ክፍለ ዘመን ገደማ ወዲህ የተጻፉ ናቸው። ከአክሱም ዘመን እስከዚያ ድረስ ባለው ጊዜ ብራናው ባረጀ ቁጥር አንድ ሰው ተቀምጦ እንደገና ጽፎታል ማለት ነው። ሥራውን ያየ ሰው ድካሙን ያውቀዋል። የፍየል ወይም የበግ ቆዳ ይነከራል፣ በማዕቀፍ ተወጥሮ ይፋቃል፣ ይደርቃል። መስመሩ በወስፌ ተወግቶ ይሰመራል። ጥቁሩ ቀለም ከጥላሸትና ከተቆላ እህል ይዘጋጃል፤ ቀዩ ለቅዱሳን ስሞች ይቀመጣል። የመቃ ብርዕ ተቀርጾ፣ ጉልበት ላይ በተቀመጠ ብራና አንድ መጽሐፍ ወራት ይወስዳል። የአብዛኞቹን የእነዚያን ጸሐፍት ስም አናውቅም።

ከጎረቤታችን ከቋራ

ለእኛ ለዳንጉር ሰዎች ይህ ነገር ሩቅ አይደለም። ከእኛ በስተሰሜን ባለው በቋራ ቤተ እስራኤላውያን ይኖሩ ነበር። ኦሪታቸውን የሚያነቡት በግዕዝ ነው። በጸሎታቸው መካከል ግን የአገው ቋንቋ ይገኛል፤ ከእኛ ጋር የሚኖሩ የአገው ተወላጆች ቢሰሙት አንዳንዱ ቃል የሚታወቃቸው ይመስለኛል። ካህናቶቻቸው ጠቢብም ዳኛም ነበሩ፤ ሕጉን የሚያነቡ፣ የሚተረጉሙ፣ የሚያስታርቁ። የቋራዎቹ በ1999 እ.ኤ.አ. ወደ እስራኤል ተጉዘዋል። እዚያ ሲደርሱ ልጆቻቸው በዕብራይስጥ መማር ጀመሩ። የግዕዙና የአገውኛው ጸሎት የሚቀጥለው የሚያውቁት ሽማግሌዎች ለወጣት ካህናት ባስተማሩት መጠን ነው። የሲራክ የልጅ ልጅ ግብፅ ላይ የገጠመው ጥያቄ በእኛ ዘመን፣ በጎረቤቶቻችን ቤት ተመልሶ መጣ።

የመተከል አፍና እጅ

አሁን ወደ ራሳችን ልምጣ። በ2013 ዓ.ም. በመተከል የደረሰውን ሁላችንም እናውቃለን። ከየብሔረሰቡ ሰው ሞቷል፤ በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ ቤቱን ጥሎ ቻግኒ ራንች መጠለያና ሌላም ቦታ ገብቷል። የጠፋ ከብትና የተቃጠለ ቤት ይቆጠራል። ከሽማግሌ ጋር የጠፋው አይቆጠርም። የትኛው ጎሣ ከየትኛው ጋር በምን ቃል እንደታረቀ፣ የትኛው ወሰን በየትኛው ዛፍ እንደተመለከተ፣ ማን የማን የጡት ልጅ እንደሆነ የሚያውቁ ሰዎች አልፈዋል። ጉሙዞች ደም የሚያደርቁበት የማንጊማ ሥርዓት የሚኖረው በሚያውቁት ሰዎች አፍ ነው።

አንድ የጉሙዝ ተማሪዬ ባለፈው ዓመት ይህን ስናወራ ዝም ብሎ ሰማኝና ደብተር ገዝቶ አያቱ ዘንድ ሄደ። ልጁ የቤቱን ቋንቋ በትምህርት ቤት መጻፍ ተምሯል፤ አያቱ ፊደል አልቆጠሩም። የዘር ሐረጋቸውን ሲነግሩት ጻፈ። ከዚያ «አንብብልኝ» አሉት። አነበበ። «አንድ ሰው ዘለልክ፤ ከዚህኛውና ከዚያኛው መካከል ወንድም አለ» ብለው አረሙት። እንደገና ጻፈ፣ እንደገና አነበበ። ወደ ዕርቅ ሥርዓቱ ሲደርሱ ግን እጁን ያዙት። «ይኸኛውን አትጻፍ። ይህ ሲደረግ ነው የሚታየው፤ ስታድግ አብረኸኝ ትቀመጣለህ» አሉት።

ይህን ሲነግረኝ 24ቱና 70ው ትዝ አሉኝ። እኒያ አዛውንት ስለ ዕዝራ ሱቱኤል ሰምተው አያውቁም። ግን ለሁሉም የሚገለጠውንና ለሚገባው ብቻ የሚሰጠውን ለይተው ያውቃሉ። ጸሐፊ ከጠቢብ የሚማረው አንዱ ነገር ይህ ነው፤ ምን እንደሚጻፍ የሚወስነው ብርዕ የያዘው ብቻ አይደለም።

እናም ለወላጆችና ለልጆች የምለው ቀላል ነው። እኛ ዘንድ ዝናቡ ረጅም ነው፤ እርሻው ጋብ ሲል ሰው ከቤት ይውላል። አብርሃም ስድስት የዝናብ ወር ከአባቶቹ መጻሕፍት ጋር ከከረመ፣ እኛ አንድ ሁለት ሳምንት ከአያቶቻችን ጋር መቀመጥ አያቅተንም። ደብተር ይበቃል። የዘር ሐረግ፣ የቦታ ስምና ለምን እንደተባለ፣ ተረትና ምሳሌ፣ የዘፈን ግጥም፣ የመድኃኒት ዕፅ ስም፣ የተጣሉና የታረቁ ሰዎች ታሪክ፤ ከእነዚህ አንዱን መርጦ መጀመር ይቻላል። ተናጋሪው በሚናገሩበት ቋንቋ ይጻፍ፤ ትርጉሙ በኋላ ይደርሳል። የተናገሩት ሰው ስምና ቀኑም ይመዝገብ። ተጽፎ ሲያልቅ ጮክ ብሎ ይነበብላቸው፤ እርማታቸው ከመጀመሪያው ንግግር የበለጠ ዋጋ ሊኖረው ይችላል። ይቅር ያሉት ነገር ይቅር። ልጁ መጻፍ ብቻ ሳይሆን በቃሉም ይያዝ፤ በአሶሳ በኩል ልጆች ቁርኣንን በሉሕ ጽፈው፣ በቃላቸው ከያዙ በኋላ ሉሑን እንደሚያጥቡት ሁሉ፣ እጅና ቃል አብረው ይሠልጥኑ።

በመጨረሻም ደብተሩ ሁለት ይሁን። አንዱ ቤት ይቀመጥ፤ ሁለተኛው ሌላ ከተማ ካለ ዘመድ ዘንድ ይላክ። ተማሪዬ የራሱን ደብተር ገልብጦ ሁለተኛውን ግልገል በለስ ላሉት አክስቱ ልኮላቸዋል። አያቱም አሁን በየሳምንቱ እሑድ «ያን ወረቀትህን አምጣ፤ የረሳሁት አለ» ይሉታል።