የደቅ ወደብ፦ ውኃው ሲሸሽ ገበያውም ይሸሻል

ለደቅ ደሴት አርሶ አደር መንገዱ ጣና ነው። የመኸር ምርቱ ወደ ባሕር ዳር ገበያ የሚወጣው፣ ምርጥ ዘርና የአፈር ማዳበሪያ ወደ ማሳው የሚደርሰው፣ የታመመ ሰው ወደ ሆስፒታል የሚሄደው በጀልባ ነው። በየብስ ያለ ቀበሌ አንዱ መንገድ ቢበላሽ በሌላው ይዞራል፤ ደሴት ግን መዞሪያ የለውም። በመሆኑም በወደቡ ላይ ያለው የውኃ ከፍታ የጀልባ ነጂዎች ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ የግብርና ሥራም ጉዳይ ነው።

ደቅ በጣና ካሉት ደሴቶች ትልቁ ነው። አፈጣጠሩ እንደ ሐይቁ ሁሉ ከእሳተ ገሞራ ጋር የተያያዘ ነው። ጥንት የፈሰሰ ቅልጥ ዓለት የዓባይን መውጫ በመዝጋቱ ውኃው ተንጣልሎ ሐይቅ ሆነ፤ ደሴቱም የቆመው በዚሁ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ላይ ነው። ከባሕር ዳር ተነስቶ ወደ ጎርጎራ የሚያቀናው ነባሩ የጀልባ መስመር ዘጌን፣ ደቅን፣ ቁንዝላንና ደልጊን ያገናኛል። ከደንገል የሚሠራው ታንኳም ለአጭር ጉዞና ለቀላል ጭነት ዛሬም ያገለግላል። ኩንታል የሚጭነው ግን ትልቁ ጀልባ ነው፤ እሱ ደግሞ ጥልቅ ውኃ ይፈልጋል።

ጣና ሰፊ እንጂ ጥልቅ አይደለም። ስፋቱ ከ3 ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር ቢበልጥም እጅግ ጥልቅ የሚባለው ቦታ 14 ሜትር ገደማ ነው። በዚህ ምክንያት የውኃው ከፍታ በአንድ ሜትር ሲቀንስ ሜዳማው ዳርቻ ረጅም ርቀት ይሸሻል፤ ጀልባም ወደ መጫኛው መጠጋት ይሳነዋል።

የሐይቁ ወራትና የገበሬው ወራት

ወደ ጣና ከሚገቡት ወንዞች ግልገል ዓባይ፣ ጉማራ፣ ርብና መገጭ ዋነኞቹ ናቸው። እነዚህ አራቱ ወንዞች ከሚያስገቡት ውኃ የሚበዛው በክረምት የሚመጣ ነው። ሐይቁ መስከረምና ጥቅምት ላይ ይሞላል፤ ከዚያ በኋላ እየቀነሰ ሄዶ ግንቦትና ሰኔ ላይ ዝቅተኛው ደረጃ ላይ ይደርሳል። በትነት ብቻ በዓመት ከአንድ ሜትር ተኩል በላይ ውኃ ያጣል።

የመኸር እህል ከኅዳር ጀምሮ ተሰብስቦ ለገበያ ሲቀርብ ሐይቁ ገና በቂ ውኃ ስላለው ወደቡ ብዙም አይቸገርም። ችግሩ በሌላው ጫፍ ነው። ማዳበሪያና ምርጥ ዘር ከዘር ወቅት በፊት በአርሶ አደሩ እጅ መግባት ያለባቸው ውኃው እጅግ በሚያንስባቸው ወራት ነው። በበጋው መጨረሻ የሚደርስ እንደ ማንጎ ያለ ፍራፍሬም ሳይበላሽ ገበያ መድረስ የሚኖርበት በዚሁ ጊዜ ነው። ማዳበሪያ ለሁለት ሳምንት ቢዘገይ የዘር ጊዜ ያልፋል፤ ማንጎ ለሁለት ሳምንት ጀልባ ቢጠብቅ ይበሰብሳል።

የ1995 ዓ.ም ትምህርት

ይህ ስጋት በተግባር ታይቷል። በዓባይ መውጫ ላይ የሚገኘው የጨረጨራ መቆጣጠሪያ ግድብ በ1988 ዓ.ም ከተሠራ ወዲህ የሐይቁ ከፍታ ከባሕር ወለል በላይ በ1,784 እና በ1,787 ሜትር መካከል እንዲሆን ታስቦ ውኃው ለኃይል ማመንጫ ይለቀቃል። በ1995 ዓ.ም ግን የዝናብ እጥረቱና ለኃይል ማመንጫ የተለቀቀው ውኃ ተደራርበው ሐይቁ ክፉኛ ቀነሰ። ዓለም አቀፉ የውኃ አያያዝ ተቋም ያሳተመው ጥናት ለትልልቅ ጀልባዎች የሚያስፈልገውን ዝቅተኛ ከፍታ 1,784.75 ሜትር ብሎ አስቀምጧል። በዚያ ዓመት ውኃው ከዚህ በታች በመውረዱ የጀልባ አገልግሎት ለአራት ወራት ያህል ተቋረጠ።

ጉዳቱ በትራንስፖርት ብቻ አልቆመም። በዳርቻው የነበረው ደንገል በስፋት ጠፋ፤ የዓሣ ምርት ቀነሰ፤ ውኃው የለቀቀው መሬት ደግሞ ታረሰ። ባሕር ሸሽ እርሻ ለጊዜው ምርት ይሰጣል። ነገር ግን ደለል የሚያግተውንና ዓሣ የሚራባበትን የደንገል ዳርቻ ያጠፋል፤ የታረሰውም አፈር በቀጣዩ ክረምት ወደ ሐይቁ ይገባል።

የተጨመሩ ጫናዎች

ከዚያ ወዲህ በሐይቁ ላይ ያለው ጫና ጨምሯል። በ2002 ዓ.ም የተመረቀው 460 ሜጋ ዋት የሚያመነጨው የጣና በለስ ጣቢያ ውኃውን የሚወስደው በምዕራብ ዳርቻ ከቁንዝላ አካባቢ ነው። በ2004 ዓ.ም በሰሜናዊው ዳርቻ የታየው እምቦጭም ወደ ምሥራቁ ተስፋፍቶ ጀልባና መረብ ማስቸገር ጀመረ። አረሙ የሚወፍረው ከማሳ ታጥቦ በሚመጣ አፈርና ማዳበሪያ ነው። በጉማራና በርብ ተፋሰስ ያለ እርከን ከታረሰ ተዳፋት የሚታጠበው አፈር በፎገራ ሜዳና በወንዞቹ አፍ ይከማቻል፤ ከፊሉም ወደ ሐይቁ ወለል ይወርዳል።

ምን ይደረግ?

የመጀመሪያው ሥራ ወጪ የማይጠይቅ ነው፤ የአቅርቦት ዕቅድ ከሐይቁ ወራት ጋር ይስማማ። ለደሴቱ የሚላክ ግብዓት ከየብስ ቀበሌዎች ጋር ተራ ከሚጠብቅ ውኃው ሳይቀንስ፣ እስከ መጋቢት ድረስ ተጓጉዞ እርጥበት በማይነካው መጋዘን ቢቀመጥ የግንቦትና የሰኔ ስጋት ይቃለላል። ለዚህም የወረዳ ግብርና ጽሕፈት ቤቶች የደሴቱን ፍላጎት ቀድመው ማሰባሰብ ይኖርባቸዋል።

ሁለተኛው፣ የሐይቁ ከፍታ መረጃ በየሳምንቱ ለወረዳና ለቀበሌ ቢደርስ ነው። ከፍታው ወደ 1,784.75 ሜትር ሲጠጋ የሚያውቅ የልማት ጣቢያ ሠራተኛ አርሶ አደሩን ምርቱን ቀድሞ እንዲያወጣ ሊመክረው ይችላል።

ሦስተኛው ሥራ በየብስ ባሉት ወረዳዎች እጅ ነው። በተዳፋት ማሳ ላይ እርከን መሥራትና መጠገን፣ በወንዝ ዳር ሳርና ዛፍ መትከል፣ ማዳበሪያን በመጠኑ መጠቀም፣ የደንገሉን ዳርቻ ከእርሻና ከልቅ ግጦሽ መጠበቅ፣ እምቦጭን ዘር ሳይጥል መንቀል ያስፈልጋል። እርከን የሠራ የፋርጣ አርሶ አደር በቅድሚያ የሚያተርፈው የራሱን አፈር ነው። ያ አፈር በማሳው ከቀረ በጣና ውስጥ ደለል አይሆንም፤ እምቦጭንም አይመግብም፤ የደቅን አርሶ አደር መንገድም አያጠብበትም።