ያውቁ ኖሯል? ዋልያው ባንድ የሆነበት ዘመን

ከደባርቅ ማዶ በሰሜን ተራሮች ገደል ለገደል የሚዘለው ዋልያ ለሁለት የአዲስ አበባ ባንዶች ስም ሰጥቷል። አንዱ ኋላ ሮሃ የተባለው አይቤክስ ነው፤ ሌላው ዋልያስ። (ለአንድ የዱር ፍየል ቀላል ክብር አይደለም!)

ዋልያስ በሒልተን ሆቴል ለዓመታት ሲጫወት የደርግ ሰዓት እላፊ እንኳ አላስቆመውም፤ ታዳሚው በሩ ተዘግቶ እስኪነጋ ይጨፍር ነበር። በ1977 (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ድምፃዊ ሳይበዛበት፣ በመሣሪያ የተቀነባበረውን «ቼ በለው» አልበም አወጣ። በውስጡ ያለውን «ሙዚቃዊ ስልት» ዛሬ የውጭ ባንዶች ሳይቀሩ ይጫወቱታል።

በ1981 ባንዱ ከማሕሙድ አህመድ ጋር ለሙዚቃ ጉዞ አሜሪካ ሄደ፤ ከአባላቱ ከፊሉ በዚያው ቀሩ። ኦርጋን ተጫዋቹ ኃይሉ መርጊያ ኋላ ዋሽንግተን ውስጥ ታክሲ ነዳ። ኪቦርዱ ግን ከመኪናው አይጠፋም፤ አውሮፕላን ማረፊያ ተራ ሲጠብቅ ከኋላ ወንበር ተቀምጦ ይለማመድ ነበር። ከዚያ አንድ አሜሪካዊ የካሴት አፍቃሪ የኃይሉን የ1985 ሥራ፣ «ሸሞንሟናዬ»ን፣ ባሕር ዳር ውስጥ አገኘው። ካሴቱ በ2013 ዳግም ታተመ፤ ኃይሉም ወደ ዓለም መድረክ ተመልሶ በ2018 «ላላ በሉ» የተባለ አዲስ አልበም አወጣ።