ፈቃድ የሌለው ሐኪምና ድመት የሚታዘዝበት ክሊኒክ

ፕሊማውዝ፣ አሜሪካ ውስጥ ከሚኒያፖሊስ በስተምዕራብ ባለችው ከተማ፣ የቆዳ ወይም የአጥንት ስፔሻሊስት የሚፈልግ ሰው አስቀድሞ ኢንሹራንሱን ይጠይቃል፤ አንዳንዱም ሪፈር ያጽፋል። ክሊኒኩ ራሱ ብዙ ጊዜ የአንድ ትልቅ ድርጅት ቅርንጫፍ ነው። ይህን የለመደ ተመልካች ማንጋ የሚባለው የጃፓን የሥዕል ታሪክና ድራማው ግር ቢለው አይፈረድበትም፤ እዚያ ክሊኒኩ ማለት ሐኪሙ ነው።

በጃፓን ሕግ 20 አልጋና ከዚያ በላይ ያለው ሆስፒታል፣ ከዚያ ያነሰው ወይም ጭራሽ አልጋ የሌለው ክሊኒክ ይባላል። ክሊኒኮቹ ከ100,000 ይበልጣሉ። አዲስ አበባ «የዓይን ልዩ ክሊኒክ» የሚል ታፔላ እንደምናነበው ሁሉ፣ እዚያም የጆሮው፣ የቆዳው፣ የአእምሮው ሐኪም በየሰፈሩ በሩን ከፍቶ ይጠብቃል። ሪፈር ግዴታ አይደለም። የሕክምናውን ዋጋ መንግሥት ለአገሩ ሁሉ አንድ አድርጎ ይተምናል፤ አብዛኛው ታካሚ 30 በመቶውን ይከፍላል።

ደራሲዎቹ የሚጫወቱት ይህን ሥርዓት በማፍረስ ነው። ሕክምና የተማረው ኦሳሙ ቴዙካ እ.ኤ.አ. በኅዳር 1973 «ብላክ ጃክ» የተባለውን ማንጋ ጀመረ። ገጸ ባሕርዩ ፈቃድ የሌለው ድንቅ ቀዶ ሐኪም ነው፤ ከባሕር ዳር ገደል ላይ ባለች ቤቱ ያክማል፣ በሚሊዮን የሚቆጠር የን ይጠይቃል፣ አንዳንዴ ደግሞ ሳንቲም አይቀበልም። ዋጋው የሚያስደነግጠው ትመናው በሕግ በታሰረበት አገር ስለሆነ ነው። አሜሪካ ውስጥ ያንን ሒሳብ ያየ ሰው ብዙም የሚገረም አይመስለኝም! በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ፕሬዚዳንት ኒክሰን የሚኒያፖሊሱ ሐኪም ፖል ኤልውድ ያቀነቀነውን ኤች ኤም ኦ የተባለ የተደራጀ ሕክምና በሕግ አጸደቁ። አሜሪካ ውስጥ ድርጅቱ ገነነ፤ የጃፓን ተረት ግን ብቸኛውን ሐኪም አነገሠ።

«የዶክተር ኮቶ ክሊኒክ» የተባለው ማንጋ ለስለስ ያለ ነው። የቶኪዮ ቀዶ ሐኪም ሩቅ ደሴት ላይ ይመደባል፤ ደሴተኞቹ መጀመሪያ አያምኑትም። በ2003 የታየው ድራማ ዮናጉኒ ደሴት ላይ ተቀርጿል፤ ለቀረጻው የተሠራችው ክሊኒክ ዛሬም ጎብኚ ይመጣላታል።

የስዮ ኢሺዳ የ2023 ልቦለድ ደግሞ ኪዮቶ ከተማ፣ ጠባብ መተላለፊያ ውስጥ ያለች የአእምሮ ክሊኒክ ያሳያል፤ ለጨነቀው ሰው የሚታዘዘው መድኃኒት ድመት ነው። ሐሳቡ ያስቃል፣ ግን እንደ ቴዙካ ሥራ አይቆረቁርም።

ለጀማሪ «ብላክ ጃክ»ን እመርጣለሁ፤ አብዛኛው ምዕራፍ ራሱን የቻለ ታሪክ ስለሆነ ከየትም ቢጀምሩት ያስኬዳል።