የፊልም አንሺ ሙያ

ተማሪዎች፤ ከአርባ ምንጭ ተነሥታችሁ ወደ ጨንቻ ስትወጡ የዶርዜን ቤት ታገኛላችሁ። ከቀርከሃ የተሠራው ይህ ረጅም ቤት በቀትር ጊዜ እንኳ ውስጡ ጨለማ ነው። ከደጅ ስትገቡ በመጀመሪያ ምንም አይታያችሁም፤ ጥቂት ስትቆዩ ግን ምድጃውና በዙሪያው የተቀመጡት ሰዎች ቀስ በቀስ ይገለጡላችኋል። የሰው ዓይን ራሱን ከብርሃን ጋር ያስማማል። ካሜራ ግን የሚያስማማለት ሰው ይፈልጋል። ይህ ሰው ፊልም አንሺ ይባላል።

የፊልም አንሺ ተግባር ቁልፍ መጫን ብቻ አይደለም። በሌንሱ ውስጥ ያለውን ቀዳዳ በማስፋት ወይም በማጥበብ የሚገባውን ብርሃን ይመጥናል። በዚያ ቤት ውስጥ የተቀመጠችው እናት ፊት እንዲታይ ቀዳዳውን ካሰፋው፣ በበሩ በኩል ያለው ደጅ በነጭ ብርሃን ተውጦ ይጠፋል። ደጁ እንዲታይ ካጠበበው ደግሞ የእናቲቱ ፊት ይጨልማል። ስለዚህ የቱ ይታይ፣ የቱ ይቅር ብሎ መምረጥ አለበት። ምርጫውም የታሪኩን ትርጉም ይለውጣል።

ለዚህ የኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ጥሩ ምሳሌ ነው። እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣው ይህ ፊልም በባለርስት ሥር የሚማቅቅ የገበሬ ቤተሰብን ኑሮ ያሳያል። ፊልም አንሺው አሜሪካዊው ኤሊዮት ዴቪስ ሲሆን የተጠቀመውም በ16 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። በዚያ ዘመን የተነሣው ሥዕል ታጥቦ እስኪወጣ ድረስ አይታይም ነበር፤ ስሕተት ቢኖር የሚታወቀው ቀኑ ካለፈ በኋላ ነው። ዴቪስ በሆሊዉድ ሠርቶ እ.ኤ.አ. በ1998 «አውት ኦፍ ሳይት»ን፣ በ2008 ደግሞ «ትዋይላይት»ን አንሥቷል።

እ.ኤ.አ. በ2021 የቀረበውን «ፋያ ዳዪ»ን ግን በልጅነቷ በሐረር ያደገችው ጄሲካ በሽር ራሷ አዘጋጅታ፣ ራሷ አንሥታዋለች። ፊልሙ በሐረር አካባቢ በጫት ዙሪያ ያለውን ሕይወት ያሳያል።

ከእነዚህ ምሳሌዎች ምን እንረዳለን? ተመልካች የተዋናዩን ስም ሲያስታውስ የፊልም አንሺውን ይረሳል። ይሁን እንጂ ካሜራውን የያዘው ሰው የሚያነሣው እርሱ ያየውን ነው። የጋሞን ሸማኔና የጫሞን ዓሣ አጥማጅ እናንተ በምታውቋቸው መልክ ዓለም እንዲያያቸው ከተፈለገ፣ ከእናንተ መካከል ይህን ሙያ የሚማር ሊኖር ይገባል።

ትምህርቱም ያለ ካሜራ ይጀመራል። የቤታችሁን ውስጥ በንጋትና በቀትር ተመልከቱ፤ ብርሃኑ ምን እንደገለጠና ምን እንደሸሸገ በአንድ አንቀጽ ግለጹ።