መቶው ሰው ከወዴት መጣ?

በ1968 ዓ.ም. በአሜሪካ «ፋሚሊ ፊውድ» የተባለ የቴሌቪዥን ጨዋታ ተጀመረ። የዚሁ ዓይነት ጨዋታ በአገራችንም «የቤተሰብ ጨዋታ» ተብሎ በኢቢኤስ ቴሌቪዥን ቀርቧል። ሥርዓቱም ይህ ነው፤ አስቀድሞ መቶ ሰዎች ይጠየቃሉ፤ ከዚያም ሁለት ቤተሰቦች እውነተኛውን ነገር ሳይሆን ብዙው ሰው የተናገረውን ለመገመት ይሽቀዳደማሉ።

ይህ ለጨዋታ መልካም ነው። ነገሩ ወደ አስተዳደር ሲመጣ ግን፥ መቶው ሰው ከወዴት እንደ መጣ መመርመር ይገባል። ጂንካ የደቡብ ኦሞ ዞን ዋና ከተማ ነበረች፤ በዚያን ጊዜም በዞኑ 16 ብሔረሰቦች ይኖሩ ነበር። «ጧት ምን ይጠጣል?» ተብሎ መቶ የአዲስ አበባ ሰው ቢጠየቅ፥ ሻይ ወይም ቡና ይላል። የሐመር ሰው ግን የቡናውን ገለባ አፍልቶ በቅል ይጠጣል። መልሱ እውነት ሲሆን ከሰሌዳው ላይ አይገኝም።

የቍጥር ብዛትም ብቻውን አያድንም። በ1929 ዓ.ም. «ሊተራሪ ዳይጀስት» የተባለው የአሜሪካ መጽሔት ከሁለት ሚሊዮን የሚበልጥ መልስ ሰብስቦ፥ ሩዝቬልት በምርጫው ይሸነፋል ብሎ አስታወቀ፤ ሩዝቬልት ግን ድል አደረገ። ስሞቹ የተለቀሙት በአብዛኛው ከስልክና ከአውቶሞቢል ባለቤቶች መዝገብ ስለ ነበረ፥ ድኻው በቅጡ አልተጠየቀም። ሙሴ ከላካቸው 12 ሰላዮችም ዐሥሩ ተሳስተው፥ ሁለቱ እውነትን እንደ ተናገሩ ካህናት ያውቃሉ።

እንግዲህ ሹም የሆነ ሁሉ «ሕዝቡ እንዲህ ይላል» ብሎ ከመጻፉ አስቀድሞ፥ በጽሕፈት ቤቱ ደጅ የቆመውን ብቻ ሳይሆን፥ በጂንካ የቅዳሜ ገበያ የሚገናኘውን ሰው ሁሉ በየቋንቋው ይጠይቅ። ያልተጠየቀ ሰው ተስማምቷል አይባልምና።