አባት «እምቢ» ሲሉ ጉልበቱ ከየት ይመጣል?

ሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በ1958 ዓ.ም. ሲያሳትሙ ፊታውራሪ መሸሻን ከሰማይ አላወረዷቸውም። ደራሲው የደብረ ማርቆስ አካባቢ ልጅ ናቸው፤ የጻፉት የሚያውቁትን አገር ነው። ሰብለ ወንጌልን የሚጠይቅ ሲመጣ የአባትየው ጭንቀት የጠያቂው ዘር ነው፣ የልጅቷ ልብ አይደለም። ዛሬ ፊታውራሪነት የለም፤ ጥያቄው ግን አለ። ሽማግሌ ሲላክ የልጁ አያት ሸማኔ ነበሩ ወይስ ቀጥቃጭ ተብሎ አሁንም በሹክሹክታ ይጠየቃል። ዲግሪ መያዝም ከዚህ አያስመልጥም።

እሺ፣ 24 ዓመት የሞላት ልጅ አባቷ «እምቢ» ቢሉ ሕጉ ምን ይላል? ሕጉ አባትየውን ጭራሽ አይጠይቅም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 34 ጋብቻ በተጋቢዎቹ ነፃና ሙሉ ፈቃድ ላይ ብቻ እንደሚመሠረት ይደነግጋል። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግም፣ አማራ ክልል በ1995 ዓ.ም. ያወጣው የራሱ የቤተሰብ ሕግም እዚሁ ላይ ነው የቆሙት። ሰማንያ ተፈራረማችሁ፣ ቆረባችሁ ወይም ማዘጋጃ ቤት ሄዳችሁ፣ የሁለታችሁ ፈቃድ የግድ ነው።

ሁሌም እንዲህ አልነበረም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ መተጫጨትን የሚያየው እንደ ሁለት ቤተሰቦች ውል ነበር፤ ሴት ልጅም በ15 ዓመቷ ማግባት ትችል ነበር። አሁን ለሁለቱም 18 ነው።

ብዙ ሰው የማያውቀው ደግሞ አለ። የፌዴራሉ ሕግ ለወላጅ የመቃወሚያ በር ከፍቷል፣ ግን በጣም ጠባብ ነው። ዕድሜያቸው አልደረሰም፣ ወይም ሕግ የሚከለክለው ዝምድና አላቸው ብሎ መቃወም ይቻላል። «ዘሩ አይሆነንም»፣ «ድሃ ነው»፣ «አገሩን አናውቀውም» የሚል ምክንያት ዝርዝሩ ውስጥ የለም። በክብር መዝገብ ሹም ፊት ለመጋባትም ለእያንዳንዳችሁ ሁለት ሁለት ምስክር ነው የሚያስፈልገው፤ አንደኛው አባት ይሁን የሚል ነገር የለም። (አማራ ክልል የራሱ ሕግ ስላለው የአንቀጾቹን ዝርዝር ከወረዳችሁ ፍትሕ ጽሕፈት ቤት አረጋግጡ።)

ታዲያ ልጆቹ ለምን ይፈራሉ? እርግማን አለ፣ የእናት ለቅሶ አለ፣ ይሄን አላቃልልም። ግን ኢኮኖሚክስ ስለተማርኩ ነው መሰለኝ፣ ለእኔ የሚታየኝ መሬቱ ነው። በአገራችን መሬት አይሸጥም፣ አይለወጥም። በአማራ ክልል ትልቁ የመሬት ሽግሽግ የተካሄደው በ1989 ዓ.ም. ነው፤ ዛሬ ሃያዎቹ ውስጥ ያለ ወጣት ያኔ አልተወለደም። ስለዚህ ጎዛምን ላይ ጎጆ መውጣት የፈለገ ልጅ ከወላጁ ማሳ ይቆረስለታል፣ አለበለዚያ ይከራያል ወይም የእኩል ያርሳል። በሬውም የአባት ነው። አባት «አልመርቅም» ሲሉ ማሳውም አብሮ ይዘጋል። ሕጉ ደግሞ ማግባት ትችላለህ ይላል እንጂ አባትን «ቆርሰህ ስጥ» ብሎ አያስገድድም።

ለዚህም ይመስለኛል ደሞዝ ያላት አስተማሪ ወይም ባጃጅ የሚነዳ ልጅ ቤተሰቡን ደፍሮ የሚያናግረው፣ ከአባቱ ጋር የሚያርሰው ግን አንገቱን የሚደፋው። ድፍረት የባህርይ ጉዳይ ብቻ ይመስለናል እንጂ የገቢም ጉዳይ ነው።

«ከውርስ ነቅዬሃለሁ» የሚለው ማስፈራሪያ ግን የሚባለውን ያህል አይደለም። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አባት ልጁን በኑዛዜ መንቀል ይችላል፤ ነገር ግን ምክንያቱን እዚያው ኑዛዜው ላይ መግለጽ አለበት፣ ምክንያቱ በቂ መሆን አለመሆኑንም ዳኛ ያየዋል። ተናዶ ሽማግሌ ፊት መጮህ ብቻ አይበቃም።

ያልወደደችውን እንድታገባ የተገደደችስ? በኃይል የተገኘ ፈቃድ ፈቃድ አይደለም፤ ጋብቻው እንዲፈርስ ፍርድ ቤት መጠየቅ ትችላለች። ኃይል ሲባል በራሷ ወይም በቅርብ ዘመዷ ላይ የተደቀነ ከባድ አደጋ ማለት ነው፣ ኩርፊያ አይቆጠርም። ጊዜውም አጭር ነው፦ በፌዴራሉ ሕግ ኃይሉ ከቀረ በኋላ 6 ወር፣ ቢዘገይ ቢዘገይ ደግሞ ከጋብቻው ቀን ጀምሮ 2 ዓመት። ከዚያ በኋላ ያለው መንገድ መደበኛው ፍቺ ነው። የዛቻ መልእክት ስልካችሁ ላይ ካለ አታጥፉት።